እነማን ናቸው «ይሉኛል» የምንላቸው?

አቦሉን በዝምታ ጠጣነው። ምንም አይደል፣ አቦል ለመንቂያ ነው። ቶናው ግን ያለ ጨዋታ አይወርድም፤ እስቲ ሲኒህን ወዲህ በል ወዳጄ፣ ቆሎውንም ወደ አንተ ጠጋ አድርገው። ዛሬ አንድ ቃል አንሥተን እንጫወት። በቀን ስንቴ እንደሚይዘን አናስተውልም፤ ሲይዘን ግን የተቀመጥንበት ይጎረብጠናል፣ እጃችንን የት እንደምናሳርፈው ይጠፋናል፣ የምንናገረው አፋችን ላይ ይደርቃል። ይሉኝታ።

መቼም ይሉኝታን ላንተ ላስተዋውቅህ አልነሣም። ግን አገርና ደጃፍ ሰጥተን እንየው። ሐርቡ እንሂድ። ከከሚሴ ወደ ኮምቦልቻ ስትመጣ፣ የአዲስ አበባና የደሴ መንገድ መሀል ለመሀል የሚያልፍባት የቃሉ ወረዳ ከተማ ናት፤ የደሴን ቁር ለብሶ የመጣ ሰው ካፖርቱን የሚያወልቅባት። ቦርከናም ከደሴ በኩል ወርዶ፣ ኮምቦልቻን አልፎ፣ በዚያው አካባቢ አድርጎ ወደ ጨፋ ሜዳ ይሄዳል።

እዚያ አንድ ሰው ጎረቤቱ ዘንድ መጥረቢያ ሊዋስ ብቅ አለ እንበል። ሰዓቱ ስድስት ተኩል ነው። «አሰላሙ ዓለይኩም» ብሎ መጋረጃውን ገለጥ ሲያደርግ ቤተሰቡ ትሪ ከቦ ተቀምጧል። አንድ እግሩ ከደፉ ወዲህ፣ አንዱ ከደፉ ወዲያ ሆኖ ቀረ። ይመለስ? «ምን አይቶ ሸሸን?» ይሉታል። ይግባ? «ምሳ ጠብቆ መጣ» ይሉታል። መጥረቢያውን ይጠይቅ? «ሰው ሲጎርስ ቆሞ ዕቃ ይጠይቃል» ይሉታል። ገና ማንም ምንም አላለም እኮ! ሦስቱንም ፍርድ በራሱ ላይ ፈርዶ የጨረሰው ራሱ ነው። እጁ ወደ ኮፍያው ሄደ፣ ከኮፍያው ወደ መቃኑ፣ ከመቃኑ ተመልሶ ወደ ኪሱ። ይህን ሰው እዚያው በሩ ላይ ትንሽ እናቁመው፤ እንመለስበታለን።

ምን ሆነ? ይሉኝታ ያዘው። «ያዘው» ማለታችንን ልብ በል። ወባ ይይዛል፣ ጉንፋን ይይዛል፣ ይሉኝታም ይይዛል። ሰው ወዶ አይገባበትም።

ለመሆኑ ቃሉ ከየት መጣ? የብዙውን ቃል ሥር ለማግኘት ቆፍረህ ቆፍረህ ትደክማለህ፤ ይኼኛው ግን ሥሩን እላዩ ላይ ተሸክሞ ነው የሚዞረው። «ይሉኝ» እና «ታ» ነው። «ይሉኝ» ያው «እነሱ እኔን ይሉኛል» ማለት ነው። ወደ ግእዝ ብትወርድ «ይብሉኒ» ይሆንልሃል፤ ሥሩ «ብህለ» ነው፣ «ብሂል» የሚለውን ቃል የሰጠን። አማርኛ በዘመን ብዛት «ብ»ን ከ«ይላል» ላይ አራገፋት፤ «ብሎ»፣ «በል»፣ «ተባለ» ላይ ግን እስከ ዛሬ አለች። የግእዙ «ኒ» ደግሞ ለስልሶ «ኝ» ሆነ።

«ታ»ስ? «ታ»ማ የቤት ልጅ ናት። ደስ አለው፣ ደስታ። ዝም አለ፣ ዝምታ። እምቢ አለ፣ እምቢታ። እፎይ አለ፣ እፎይታ። «አለ»ን እያስነሣች በቦታው ትቀመጣለች። ይሉኝታ ላይ ግን «አለ»ን አላስነሣችውም፤ ከነአድራጊዎቹ፣ ከነተደራጊው ተቀብላ ሙሉውን ዓረፍተ ነገር ስም አደረገችው። ምን የመሰለ ሥራ ነው!

ደግሞ ያችን «ኝ» እያት። «አንተ ይሉኝታ አለህ» እልሃለሁ፣ «እሷም ይሉኝታ አላት» እላለሁ፤ ባለቤቱ እየተለዋወጠ «ኝ» ከቦታዋ አትነቃነቅም። ለምን? የሰውየውን የውስጥ ድምፅ ስለምንጠቅስ ነው። በልቡ «ይሉኛል» ሲል እንደሰማነው አድርገን፣ ያንኑ ቃሉን መልሰን ስም አወጣንለት። በር ላይ ያቆምነው ሰው በልቡ የሚያወራውን እኛም እናውቀዋለን ማለት ነው፤ ራሳችን ስንት በር ላይ ቆመን ብለነዋልና።

እና «ይሉ» የተባሉት እነማን ናቸው? ጎረቤት ነው? ዘመድ ነው? መንገድ ዳር ጥላ ሥር ቁጭ ብለው አላፊ አግዳሚውን የሚያዩት ናቸው? ቃሉ «ይለኝታ» ቢሆን ኖሮ ባለቤቱ አንድ ሰው ነውና ሄደን «ምን ልትለኝ ነው?» ብለን እንገላገል ነበር። ግን ብዙ ናቸው፣ ስምም ፊትም የላቸውም። እኔን የሚያስገርመኝ እነሱም እኛን እየፈሩ መኖራቸው ነው። ሰውየው በሩ ላይ ሲጨነቅ፣ ትሪ የከበቡት ደግሞ «ሽሮ ብቻ ሲበሉ አገኘኋቸው ይለን ይሆን?» እያሉ ነው። ይሉኝታ በሁለት በኩል ተያይዞ ቆሟል።

ቃል ተነሥቶ የቃል ጠባቂዎቹን ሳላነሣ ባልፍ ቅር ይለኛል። መምህር ክፍለ ጊዮርጊስ የግእዝ መዝገበ ቃላት ጀመሩ፣ ሳይጨርሱ አለፉ። ደቀ መዝሙራቸው አለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌ ተረክበው ዕድሜያቸውን ሙሉ ለፉበት፤ እሳቸውም ኅትመቱን ሳያዩ አረፉ። የእሳቸው ተማሪ ደስታ ተክለ ወልድ ተቀብለው «መጽሐፈ ሰዋስው ወግስ ወመዝገበ ቃላት ሐዲስ» በ1948 ታትሞ እንዲወጣ አደረጉ፤ ከዚያ በኋላ ነው የራሳቸውን ትልቁን የአማርኛ መዝገበ ቃላት በ1962 ያሳተሙት። የመምህርን አደራ አስቀድሞ፣ የራስን አስከትሎ። ሦስት ትውልድ አንድ ሥራ ሲቀባበል ያየ ሰው፣ አደራ የሚባለው ነገር ከይሉኝታ ጋር አጥር የሚጋራ ይመስለዋል።

ይሉኝታና እፍረትስ? ብዙ ሰው ያቀላቅላቸዋል፤ እኔ ግን ልለያቸው እወዳለሁ። ኦሪት ዘፍጥረትን አስታውስ። አዳምና ሔዋን ዕራቁታቸውን ነበሩ፣ አያፍሩም ነበር። ከፍሬው ከበሉ በኋላ አፈሩ፣ ቅጠል ሰፉ፣ ተሸሸጉ። «ምን አሉ?» የሚባል ጎረቤት በምድር ላይ አልነበረም እኮ! እፍረት ሰው ባይኖርም ይመጣል፣ ከሠሩ በኋላም ይመጣል። ይሉኝታ ግን ሰው ይፈልጋል፤ የሚመጣውም ከመሥራት በፊት ነው። የወሎ እስላም ደግሞ ሦስተኛ አለው፣ ሐያእ ይለዋል፤ በፈጣሪ ፊት ማፈር ነው፣ ከኢማን ቅርንጫፎች እንደ አንዱ ይቆጥረዋል። ጨለማ ውስጥም ቢሆን ሐያእ ያለው ሰው ብቻውን አይደለም።

እፍረት ስል ደግሞ ጆሮዬ ላይ የሚቀላቀሉ ሦስት ቃላት አሉ። «አፈረ» ከግእዙ «ኀፈረ» ነው። «አፈራ» ከፍሬ ወገን ነው፣ ከ«ፈረየ»። «አፈር» ደግሞ ዕብራይስጡም ዐረቡም የሚያውቁት የድሮ ቃል ነው፣ መሬቱ ራሱ። ዘራቸው ለየቅል ነው። ግን ወሎ ቤት ውስጥ ገብተህ ተቀመጥ፤ ሦስቱን በአንድ ቡና ላይ ትሰማቸዋለህ። «ቤት ያፈራውን ቅመሱ» ይሉሃል፤ «ኧረ አታሳፍሩኝ» ይሉሃል፤ ካልበላህ ደግሞ «አፈር ስሆን!» ይመጣል።

ፈረንጆቹ ይህን የመሰለውን ነገር ምን ይሉታል? እንግሊዝ «ኦክዋርድ» ይላል፤ ከጥንት የሰሜን ሰዎች ቋንቋ የመጣ፣ ወደማይሆን አቅጣጫ የዞረ ማለት ነበር። ፈረንሳይ «ጎሽ» ይላል፤ ግራ ማለት ነው። እዚህ ላይ ብዙም አንራራቅም፣ እኛም «ግራ ገባኝ» እንላለንና። እጃችንም ማዕረጋችንም ቀኝን ያስቀድማል፤ ቀኛዝማች ከግራዝማች ይበልጥ ነበር፣ ኢማም አሕመድ ኢብን ኢብራሂምም በግራ እጃቸው ስለሚጠቀሙ ያ ብቻ ስም ሆኖላቸው በታሪክ ቀርቷል። ቢሆንም የእነሱ ቃል ስለ ሰውየው አካል ነው የሚናገረው፤ ተጣመመ፣ ዞረ፣ እጁ አልታዘዝ አለው። የእኛ ቃል ያቆመው ዙሪያውን ያሉትን ሰዎች ነው። ለዚህ ነው ልጆቻችን «ሼም ያዘኝ» ሲሉ ደስ የማይለኝ። «ያዘኝ»ን ትተውልናል፣ ለዚያስ አመሰግናለሁ፤ «ይሉ»ን ግን ከቤት አስወጧቸው።

በል አሁን ሰውየውን ከበሩ ላይ እናንሣው፣ እግሩም ደከመ።

ሐርቡ ላይ ከዚያ በር ማምለጥ የለም። ሰውየው «ኧረ ሌላ ጊዜ እመለሳለሁ፣ እንዲያው ሰላም ልበላችሁ ብዬ ነው» ማለቱ አይቀርም። የቤቱ እመቤት ግን «ትበላለህ ወይ?» ብላ አትጠይቀውም። አስተውል፣ አትጠይቅም! ብትጠይቀው «አሁን በልቼ መጣሁ» ሊል ነው፤ ያን ካለ ደግሞ ቃሉን ማጠፍ ያሳፍረዋል፣ እየራበው ይቀመጣል። እሷ ይህን ታውቃለች። ስለዚህ አባወራው ጠጋ ብሎ የሰው ቦታ ይከፍታል፣ ልጁ የእጅ ማስታጠቢያውን ይዞ ይነሣል፣ እሷ ከመሶቡ እንጀራ አውጥታ እሱ በሚቀመጥበት በኩል ትዘረጋለች። ውሃው እጁ ላይ ሲፈስ እምቢ ለማለት ጊዜው አልፏል። ትንሽ ቢግደረደር «በሞቴ!» ይከተላል። ምን ማለት ነው «በሞቴ»? ካልበላህ እኔ ልሙት ማለት ነው እኮ! የአንዲት ጉርሻን ዋጋ እስከዚያ ከፍ ያደረገችው፣ ሰውየው «ለሆዴ አይደለም የበላሁት፣ እሷ እንዳትሞት ነው» ብሎ ደረቱን ነፍቶ እንዲበላ ነው።

ይኼ ነው ወሎ ላይ የምወደው። የራሱን ይሉኝታ ሁሉም ይሸከማል፣ ያ የትም አለ። የሌላውን ይሉኝታ ከጫንቃው ላይ ማውረድ ግን ጥበብ ነው፤ ዕድሜ ልክ የሚማሩት። «በሞቴ»፣ «አፈር ስሆን»፣ ሳይጠየቅ የሚመጣ ጉርሻ፣ «አንድ ሲኒ ጠጥቶ መሄድ የለም» እየተባለ እስከ በረካ የሚዘልቅ ቡና፣ ሁሉም የዚህ ጥበብ መሣሪያዎች ናቸው። አሳጥረው በአንድ ቃል ሲሉት ደግሞ «አብሽር» ይሉሃል። ሲኒ ሰብረህ ደንግጠሃል? አብሽር። ለቀብር ሳትደርስ ቀርተህ አንገትህን ደፍተህ መጣህ? አብሽር። ከዐረብኛ የመጣ ቃል ነው፣ መልካም ዜና ይድረስህ፣ ደስ ይበልህ ማለት ነው። ያጠፋን ሰው ደስ ይበልህ ማለት!

ታዲያ ገበያና መንገድ ላይም ይኼው ነው። ሰኞ ባቲ ገበያ ውጣ፤ ብልህ ሰው በግ ሲገዛ ዘመዱ ካሰረበት አካባቢ ራቅ ይላል። ዋጋ ቢከራከር ዘመዱን ሊያስቀይም፣ ባይከራከር ኪሱን ሊጎዳ። ከሐርቡ ኮምቦልቻ በሚኒባስ ስትሄድም ሁለት የሚተዋወቁ ሰዎች ከገቡ ረዳቱ መከራውን ያያል፤ የአንዱን እጅ አንዱ ይይዛል፣ «ወላሂ አትከፍልም!» ይባላል፣ ብሩ በረዳቱ ፊት ወዲህ ወዲያ ይላል። አንዳንዱ እየተሳፈረ ገና ሰላምታ ሳይሰጥ ለሁለት ሰው ከፍሎ ይቀመጣል፤ ያ ነው የበሰለው።

ትልቁም ነገር በዚሁ ይዳኛል። በቃሉም፣ በባቲም፣ በዳዋ ጨፋም በኩል አበጋር የሚባሉ አስታራቂ ሽማግሌዎች አሉ፤ እስላሙም ክርስቲያኑም ቃላቸውን ያከብራል፣ ደም የተቃቡትን ሳይቀር ያስታርቃሉ። አበጋር ደጅህ መጥቶ ሲቀመጥ እምቢ ማለት ከባድ ነው። እርግማኑን መፍራት አለ። ይሉኝታውም አለ፤ እነዚያ ስም የሌላቸው «ይሉ» ያን ቀን ፊት አውጥተው፣ ነጠላቸውን አጣፍተው ደጅህ ላይ ተቀምጠዋል። የቆረጠ ቂመኛ እንኳ «ስለናንተ ብዬ» ብሎ ይቅር ይላል። በልቡ ይቅር ማለት ፈልጎ፣ «ፈራ ይሉኛል» ብሎ የሰነበተ ስንት አለ! ሽማግሌዎቹ ለዚያ ሰው መውጫ በር ሆነውለት ነው የመጡት።

ክፉ ጎን የለውም ወይ? አለው፣ አልደብቅህም። ከሞኝ ደጃፍ ሞፈር ይቆረጣል፤ ይሉኝታ የበዛበት ሰው በግቢው ያለው ዛፍ ሁሉ ያልቅበታል። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም፤ ሐኪም ፊት ቁጭ ብሎ የሚያመውን ትቶ «ራሴን ነው» የሚል አይተናል።

ከዚህም የከፋ ወሎ አይታለች። ዝናብ አጥሮ፣ እህል ጠፍቶ፣ በ1965 ገበሬው ከቀዬው ተነቅሎ ወደዚሁ ወደ ደሴው አውራ መንገድ ሲወጣ፣ መንግሥት ወሬውን አፈነው። አገሪቱ ምን ትባላለች? በውጭ ምን ይሉናል? ይሉኝታ ወንበር ላይ ሲቀመጥ እንዲህ ነው፤ ሕዝብ እየሞተ መልክ ይጠብቃል። የእንግሊዙ ጋዜጠኛ የጆናታን ዲምብልቢ ፊልም በጥቅምት 1966 በአገሩ ቴሌቪዥን ሲታይ ዓለም አወቀ። ያው ፊልም ከቤተ መንግሥት ድግስ ምስል ጋር ተቀላቅሎ በ1967 የእንቁጣጣሽ ዕለት ማታ እዚሁ አገር ታየ፤ በማግስቱ፣ መስከረም 2 ቀን፣ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ወረዱ። ይህን ሳነሣ ዛሬም ሆዴ ይባባል። ያን ጊዜ የሚያስፈልገው «ቸግሮናል» ማለት ብቻ ነበር።

«ቸግሮኛል» ማለት ለቤተ መንግሥት ብቻ አይደለም የሚከብደው። ለዚህ ነው የሚያውቅ ጎረቤት የቸገረውን ቤት በር በቀን የማያንኳኳው። ሲመሽ ሰሀኑን ሸፍኖ በልጅ እጅ ይልከዋል፤ ልጁም «እናቴ ጨው አብዝቼ እንደሁ ቅመሱልኝ ብላለች» ይላል። ሰጪዋ ለማኝ ሆነች፣ ተቀባይዋ ባለውለታ። ሰሀኑ ሲመለስ ባዶውን አይመለስም፤ ሌላ ባይገኝ ቃሪያ ይቀመጥበታል።

ብድርም እንዲሁ ነው። ያበደረ ሰው ሐርቡ ላይ ገንዘቡን እንዴት ያስመልሳል መሰለህ? «ክፈለኝ» አይልም። ከተበዳሪው ጋር መንገድ ላይ ሲገናኝ ስለ ማሽላው ይጠይቀዋል፣ ስለ ከብቱ ይጠይቀዋል፣ ልጆቹን በየስማቸው ይጠይቀዋል። ሊለያዩ ሲሉ «እኔ እንኳ ዘንድሮ ማዳበሪያ ልገዛ ብዬ ትንሽ አጥሮኝ ነበር» ብሎ ወደ ሌላ ወሬ ያልፋል። በቃ፣ ተነገረ። ተበዳሪው በሳምንቱ ብሩን በመሀረብ ቋጥሮ ሲመጣ አበዳሪው ብድግ ብሎ ይቀበለውና ሳይቆጥረው ኪሱ እየከተተ «ኧረ ምነው ቸኮልክ? ይቆይ አልነበር?» ይለዋል።